ለትርጉም የተመደበ ብር

እንደ ብዙዎቹ የአዲስ አበባ ኤዲተሮች እኔም የጀመርኩት በሠርግ ነው። አላፍርበትም። ሠርግ አይደገምም፤ ሙሽራዋ ከቤት ስትወጣ እናቷን ያልቀረጸ ካሜራማን «እማማ፣ እስቲ እንደገና ያልቅሱልን» ሊል አይችልም። ኤዲተሩ በተገኘው ምስል ቀኑን መልሶ ማቆም አለበት። በዚያ ላይ ዘመድ አለ፤ አንዲት አክስት ሳትታይ ከቀረች ስልኬ እስከ ማታ ሲጮህ ይውላል። ፊት መለየትን፣ ማን የማን እንደሆነ መያዝን የተማርኩት ከዚያ ነው።

ወደ ዘጋቢ ፊልም የገባሁት በእርዳታ ድርጅቶች በኩል ነው። የእነርሱ ፊልም መልክ የታወቀ ነው፦ ችግር ሲታይ ዋሽንት፣ ፕሮጀክት ሲታይ ፈጣን ሙዚቃና ከሰማይ የተነሣ ምስል፣ መጨረሻ ላይ ምስጋና። ዋሽንት ምን እንደበደለ እስካሁን አልገባኝም።

በጀቱ ሁለት ሰው ስለማይችል ፕሮዲውሰሯም ኤዲተሯም እኔ ነኝ። አንዷ ብር ትቆጥራለች፣ ሌላዋ ጊዜ ትለምናለች፤ ብዙውን ጊዜ የምታሸንፈው ብር ቆጣሪዋ ናት።

ቦረና ላይ ግን ሌላ ሆነ። ከያቤሎ ወጣ ብሎ በሚገኝ መንደር ስለተቆፈረ የውሃ ጉድጓድ እንቀርጽ ነበር። አንዲት እናት በኦሮምኛ ረዘም አድርገው፣ እጃቸውን እያወናጨፉ ተናገሩ። አስተርጓሚያችን ዞር ብሎ «ውሃው በመምጣቱ ተደስተዋል» አለኝ። ያን ሁሉ ተናግረው!

አዲስ አበባ ስመለስ ቋንቋውን የሚያውቅ ሰው ቀጥሬ ቃለ መጠይቁን ቃል በቃል አስተረጎምኩ። እንዲህ ነበር ያሉት፦ «ውሃው መጥቷል፣ ተመስገን። ግን ሞተሩ ናፍጣ ይፈልጋል። ናፍጣው ሲያልቅ ከብቶቹን ይዘን ወደ ጥንቱ ኤላ እንመለሳለን።» ኤላ በቦረና ወንዶች ከታች እስከ ላይ ተደርድረው፣ እየዘፈኑ ውሃ የሚቀባበሉበት ጥልቅ ጉድጓድ ነው። እኛም ያንኑ ሰሞን ቀርጸነዋል፤ ደንበኛው ግን «ድሮ እንዲህ ነበር» በሚለው ክፍል እንዲገባ ይፈልግ ነበር።

ለመቁረጥ እጅግ ቀላል ነው። በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ማለትም 25 ነጠላ ምስል፣ እንቀርጻለን፤ ከ«ተመስገን» በኋላ ትንፋሽ ይወስዳሉ፣ ከንፈራቸው «ግን» ለማለት ሊከፈት ሲል አቆምኩት። እዚያ ላይ ቆርጦ ጄሪካን የሚሞላ ልጅ ማስገባት ነው። ተመልካች አያውቅም። እርሳቸውም ፊልሙን አያዩትም።

ቅንብር ምን እንደሚያደርግ እኛ ኢትዮጵያውያን ከማንም በላይ ልናውቅ ይገባ ነበር። ጆናታን ዲምብልቢ ስለ ወሎ ረሃብ የሠራው የእንግሊዝ ቴሌቪዥን ፊልም በ1966 ዓ.ም. መጀመሪያ ታየ። ደርግ ያንኑ ፊልም ከቤተ መንግሥት ድግስ ጋር አቀናብሮ መስከረም 1 ቀን 1967 ማታ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አሳየው፤ በማግስቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። ረሃቡም እውነት ነበር፣ ድግሱም እውነት ነበር። ጎን ለጎን ያስቀመጣቸው ግን አንድ የቅንብር ክፍል ውስጥ የተቀመጠ ሰው ነው። የዚያን ሰው ወንበር ዘወትር አስበዋለሁ፤ የእኔም ወንበር ያው ነውና።

የድርጅቱ ሰዎች የናፍጣውን ነገር ሲሰሙ ፊታቸው ጠቆረ። «ፊልሙ ለለጋሽ የሚታይ ነው እኮ» አሉኝ። ኤዲተሯ ስለ እውነት ልትሰብክ ስትነሣ ፕሮዲውሰሯ አስቀመጠቻትና እንዲህ አለች፦ ለጋሹ የናፍጣውን ችግር ካላየ ለቀጣዩ ዙር በፀሐይ ኃይል ለሚሠራ ፓምፕ ለምን ገንዘብ ይሰጣል? ዝም ተባለ። «ግን» ፊልሙ ውስጥ ቀረ፤ ኤላውም «ድሮ» ከሚለው ክፍል ወጥቶ ከእናቲቱ ንግግር ቀጥሎ ገባ። ምስጋናውንም አልነካሁትም፣ አመስግነዋልና።

ከዚያ ወዲህ ውል ስዋዋል «የቃለ መጠይቅ ሙሉ ትርጉም» የሚል መስመር ከትራንስፖርትና ከአበል ጋር አስገባለሁ። ደንበኞች መጀመሪያ የሚሰርዙት እርሱን ነው፤ «አስተርጓሚ ይዛችሁ ትሄዱ የለም እንዴ?» ይላሉ። የማጀቢያ ሙዚቃውን ሰርዙ እላቸዋለሁ። ዋሽንቱ ያን ያህል ውድ ነው ብለው አያምኑም፣ ግን አንዳንዶቹ ይፈርማሉ።