ጥቁር ዓባይ፣ ቀይ ጤፍ

ጣና ዳር ላደገ ሰው ወንዙ ዓባይ ነው፤ ሌላ ቅጽል አያስፈልገውም። ትምህርት ቤት ስንገባ ግን መጽሐፉ የእኛን ጥቁር ዓባይ፣ ከቪክቶሪያ ሐይቅ በኩል የሚመጣውን ነጭ ዓባይ ብሎ ለየልን፤ የእንግሊዝኛ መምህራችን ደግሞ ያንኑ ጥቁር የተባለውን ወንዝ ሰማያዊ ብለን እንድንጽፍ አስተማሩን። ማናችንም «እንዴት?» ብለን አልጠየቅንም። ጥያቄው ወደ እኔ የመጣው በመተማ ተሻግሬ ካርቱም ከገባሁ በኋላ ነው።

ካርቱም ውስጥ ሁለቱ ወንዞች የሚገናኙበት ስፍራ አል ሞግራን ይባላል። በክረምት ከኢትዮጵያ ደጋ የሚወርደው ውኃ አፈር ተሸክሞ፣ ጠቁሮና ደፍርሶ ይደርሳል፤ ከደቡብ የሚመጣው ግን ገርጣ ያለ ነው። ወዲያው ስለማይዋሐዱም ድንበራቸው ለተመልካች ይታያል። ሱዳኖች የእኛን ወንዝ «አዝረቅ» ይሉታል። መዝገበ ቃላት ብትገልጡ አዝረቅ ሰማያዊ ነው፤ በሱዳን አነጋገር ግን ቃሉ ከሰማያዊ ተነሥቶ እስከ ጥቁር ይዘልቃል። በ1504 የተመሠረተውና እስከ 1821 የቆየው፣ ሰናርን መናገሻው ያደረገው የፉንጅ መንግሥት በዓረብኛ በዚሁ ቃል ይጠራል፤ በአውሮፓ ቋንቋዎች ሲተረጎም «ሰማያዊው ሱልጣኔት» ሆኖ ቀረ። ስለዚህ «ጥቁር ዓባይ» ያለው አማርኛችን ከሱዳኖቹ አነጋገር ጋር ይስማማል፤ ለብቻው የቀረው ሰማያዊና ጥቁርን በማይደራረሱ ሁለት ቃላት የከፈለው እንግሊዝኛ ነው።

በካርቱም ቆይታዬ ብዙ ሐበሻ በሚኖርበት በዴም ሰፈር በአንድ ምግብ ቤት እሠራ ነበር። የሱዳን ሰው የሌላውን መልክ ሲገልጽ አስፈር፣ አሕመር፣ አኽደር፣ አዝረቅ ይላል፤ ቃል በቃል ከተወሰደ ቢጫ፣ ቀይ፣ አረንጓዴና ሰማያዊ ሰው ማለት ነው። የምግብ ቤቱ ባለቤት በስልክ ለአንድ ደንበኛ ምግቡን ማን እንደሚያደርስለት ሲነግረው «ረጅሙ አኽደር ሐበሻ ይመጣልሃል» አለው። የለበስኩት ነጭ ሸሚዝ ስለ ነበር አረንጓዴው እኔው ራሴ እንደሆንኩ ጥርጥር አልነበረውም። አኽደር ማለት ከቀዩ የጠቆረ፣ ከአዝረቁ የቀላ ሰው ነው፤ ቃሉ ስድብነት የለውም፤ እንዲያውም ለቁንጅና የሚነገርበት ጊዜ አለ። የአዝረቅ ብዙ ቁጥር የሆነው «ዙርጋ» ግን ከዚህ ይለያል፤ በዳርፉር ዓረብ ያልሆኑትን ሕዝቦች በጅምላ ለመጥራት በንቀት የሚነገር ስም ሆኗል። አንድ የቀለም ቃል ለወንዝ፣ ለመንግሥትና ለስድብ እኩል ሲያገለግል ያየሁት እዚያ ነው።

በአገሬ ጠይም እባል ነበር። ጠይም በቀይና በጥቁር መካከል ያለ ሰው ነው፤ ከእርሱ ትንሽ ወደ ቀዩ ያደላውን የቀይ ዳማ እንለዋለን። ይህን የመሰለ ጥንቃቄ ግን በሁሉም ነገር ላይ የለንም። አማርኛ በዝርዝር የሚለየው የሚያሳስበውን ነገር ነው። አባቴ የጠፋ በሬ እንድፈልግ ሲልኩኝ «ዳለቻው» ካሉ አመድማውን፣ «ቡሬው» ካሉ ዝንጉርጉሩን፣ «ቦራው» ካሉ ግንባሩ ላይ ነጭ ምልክት ያለበትን ማለታቸው ነው፤ ተጨማሪ ማብራሪያ አልጠየቅኋቸውም፣ እሳቸውም አይጨምሩም ነበር። ዳለቻ ከኦሮምኛ የመጣ ቃል ነው፤ ጥቁሩን ፈረስ የምንጠራበት ጉራቻም እንዲሁ፤ ከከብቱ ጋር ስሙም ከጎረቤት ወደ ጎረቤት ተሻግሯል ማለት ነው። ለዶሮ ገብስማና ወሰራ አለን፤ ገብስማ መሸበት ለጀመረ ፀጉርም ይሆናል። የእህቴ የትምህርት ቤት ልብስና የጠራ ሰማይ ግን ሁለቱም ሰማያዊ ነበሩ፤ መለየቱ ግድ ሲሆን ብቻ አንዱን ውኃ ሰማያዊ እንለው ነበር።

በ1969 ብሬንት በርሊንና ፖል ኬይ የተባሉ አሜሪካውያን ምሁራን የብዙ ቋንቋዎችን የቀለም ስሞች አነጻጽረው ያሳተሙት ጥናት አለ። በእነሱ አባባል ሁለት የቀለም ስም ብቻ ያለው ቋንቋ ነጭና ጥቁርን ይለያል፤ ሦስተኛው ሁልጊዜ ቀይ ነው፤ ከዚያ አረንጓዴና ቢጫ፣ ቀጥሎ ሰማያዊ፣ ከእርሱም በኋላ ቡናማ ይመጣል። አማርኛችን በዚህ መንገድ የተጓዘ ይመስላል፦ ሰማያዊ ከሰማይ፣ ቡናማ ከቡና እንደተወለዱ ማንም ያያል፤ የቀይና የጥቁር መነሻ ግን ለተራው ተናጋሪ እንዲህ ፊት ለፊት አይታይም። በጥናቱ ላይ ያለኝ ቅሬታ ግን ሌላ ነው። መሠረታዊ የቀለም ስም ለመባል አንድ ቃል ለተወሰነ ዓይነት ነገር ብቻ የሚነገር መሆን የለበትም የሚል መስፈርት ስላላቸው፣ ለከብት ወይም ለዶሮ ብቻ የሚነገሩት ቦራና ወሰራ ከቁጥር ውጭ ናቸው። አባቴ ስለ ቀለም ያላቸው እውቀት ከሞላ ጎደል በሙሉ በዚህ መስፈርት ይጣላል፤ በጥናቱ ዓይን እሳቸው የሚቀራቸው ልጅ የሚያውቀው ያህል ብቻ ነው።

ከካርቱም በኋላ ዕጣዬ ቨርጂኒያ ሆነና አሌክሳንድሪያ ከተማ ውስጥ በአንድ የቤት ቁሳቁስ መደብር፣ የግድግዳ ቀለም በሚቀመምበት ክፍል ተቀጠርኩ። ሥራው ቀላል ነው። ደንበኛው ከተደረደሩት የናሙና ካርዶች አንዱን ይመርጣል፤ ማሽኑ በመሠረት ቀለሙ ላይ ትንሽ ትንሽ ጥቁር፣ ቢጫ፣ ቀይ ያንጠባጥብበታል፤ ከዚያ ቆርቆሮው በመናጫው ውስጥ ይናጣል። ካርድ የሌለው ሰው ጨርቅ ወይም የግድግዳ ቅራፊ ይዞ ቢመጣ፣ ሌላ መሣሪያ ብርሃን አብርቶበት የሚመለሰውን ይለካና ቅመሙን በቁጥር ያወጣል። ፈተናው ነጩ ላይ ነው። የነጭ ካርዶቹ ብቻ አንድ ሙሉ መደርደሪያ ይይዛሉ፤ መጀመሪያ ላይ ሁሉም ነጭ ነበሩ። ከጥቂት ወራት በኋላ ግን ይኼኛው ወደ ቢጫ፣ ያኛው ወደ ግራጫ እንደሚያደላ ካርዱን ሳልገለብጥ እናገር ጀመር። ዓይኔ ድሮም ያያቸው እንደነበር እርግጠኛ ነኝ፤ ቆም ብሎ የሚለይበት ምክንያት ግን አልነበረውም።

አንድ ቅዳሜ አንዲት እናት እዚህ ከተወለደች ልጃቸው ጋር የሳሎን ቀለም ሊመርጡ መጡ። አማርኛዬን ሲሰሙ ፊታቸው በራ፤ ከካርዶቹ መካከል ወደ ሸክላ የሚያደላ፣ ጠቆር ያለውን አነሡና «ይኼ ቀዩ ይሻለኛል፣ ልጄ» አሉኝ።

«እማ፣ ቀይ እኮ አይደለም፤ ብራውን ነው» አለች ልጅቱ።

«ቀይ ጤፍስ ታዲያ ምንድን ነው?»

«ከረጢቱ ላይ ብራውን ነው የሚለው።»

«እንግዲያ ከረጢቱን የጻፈው ሰው እንጀራ ጋግሮ አያውቅም» አሉና ወደ እኔ ዞሩ፤ «ወይስ ተሳሳትኩ?»

«አልተሳሳቱም፣ እማማ» አልኳቸው፤ ለይሉኝታ ብዬም አልነበረም። እዚህ አገር ቀዩ ጤፍ ቡናማ፣ ነጩ ደግሞ የዝሆን ጥርስ ተብሎ እንደሚሸጥ የታወቀ ነው። ነገር ግን የመረጡትን ቀለም ለመቀመም ማሽኑ ያንጠባጠበው በአብዛኛው የዝገት ቀዩን ነበር፤ ማጥቆሪያው ጥቂት ነው። በብርሃን ሕግም ቢሆን ቡናማ ራሱን የቻለ ብርሃን የለውም፤ የጠቆረ ብርቱካናማ ወይም የጠቆረ ቀይ ነው። እሳቸው ቀዩን ዘርግተው ያዩትን፣ ልጃቸው ሁለት ቦታ ከፍላ አየችው። የሁለቱም ዓይን ጤነኛ ነው።

ቋንቋ አስተያየትን ምን ያህል እንደሚለውጥ በ2007 የታተመ አንድ ሙከራ ጥሩ ፍንጭ ይሰጣል። ሩሲያኛ ለፈዛዛው ሰማያዊ «ጎሉቦይ»፣ ለደማቁ «ሲኒ» የሚሉ ሁለት የተለያዩ ስሞች አሉት፤ ሁለቱንም የሚጠቀልል አንድ ስም የለውም። ጆናታን ዊናወርና ባልደረቦቹ ሩሲያኛና እንግሊዝኛ ተናጋሪዎችን የሰማያዊ ምስሎች እያሳዩ እንዲለዩ ሲጠይቋቸው፣ ሩሲያኛ ተናጋሪዎቹ ሁለቱ ቀለሞች በሁለቱ ስሞች ድንበር ወዲያና ወዲህ ሲወድቁ ይፈጥኑ ነበር፤ እንግሊዝኛ ተናጋሪዎቹ ላይ ይህ አልታየም። የበለጠ የገረመኝ ቀጥሎ ያለው ነው፦ በሥራው መካከል ቁጥሮችን በልባቸው እንዲደጋግሙ ሲታዘዙ ሩሲያኛ ተናጋሪዎቹም ያንን ፍጥነት አጡ። ቃሉ በሌላ ነገር ሲያዝ ድንበሩም ጉልበት አጣ ማለት ነው። ይህ የሚለካው በሰከንድ ክፍልፋይ እንጂ ሌላ ዓለም በማየት አይደለም፤ «ስሙ የሌለው ሰው ቀለሙንም አያይም» የሚለውን ወሬ እኔ አልቀበልም። የአባቴም ዓይን ውኃ ሰማያዊውን ከደማቁ ይለያል።

የግድግዳ ቀለም ላይ የሚደረግ ክርክር በሳቅ ያልቃል፤ የሰው ቆዳ ላይ ያለው ድንበር ግን በሕግም ሲሠመር ኖሯል። አሁን በምኖርባት ቨርጂኒያ በ1924 የወጣ ሕግ ነጭ የሚባለውን ሰው የሌላ ዘር ደም ምልክት እንኳ የሌለበት ብሎ ወሰነ፤ የአገሬው ተወላጆች ደም በጥቂቱ ላለባቸው ካደረገው ልዩ ፈቃድ በቀር ከዚያ ውጭ ያለው ሁሉ ነጭ ማግባት ተከለከለ። ክልከላውን የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት የሻረው በ1967 ነው። እንዲህ ባለ ሥርዓት ውስጥ ጠይም፣ የቀይ ዳማ፣ አኽደር የሚሉ ስሞች ሥራ የላቸውም፤ የሚፈለገው ከመሥመሩ በየት በኩል እንደቆምክ ብቻ ነው። በ2020 የሕዝብ ቆጠራ ቅጽ ላይ «ጥቁር» ከሚለው ሳጥን ሥር የትውልድ ሐረግ የሚጻፍበት መሥመር ነበር፤ በምሳሌነት ከተጠቀሱት አንዱ ኢትዮጵያዊ ነው። መጀመሪያ ቀለሙን፣ ከዚያ አገሩን ይጠይቃል።

የእኛንም የመልክ አከፋፈል ንጹሕ አድርጌ ማቅረብ አልፈልግም። በአገር ቤት ለጋብቻ ሴት ልጅ ስትታይ «ቀይ ናት» መባሉ እንደ ሙገሳ ይቆጠራል፤ ጥቁር የሆነው ልጅ ደግሞ ከዘመድ ሳይቀር የሚሰማውን ይሰማል። እኛ ቤት ታናሽ እህቴ ቀይ፣ እኔ ጠይም፣ ታላቅ ወንድሜ ጥቁር ነን፤ አንድ እናት የወለደችን፣ በአንድ መሶብ የበላን። ለወንድሜ በስልክ ስለ ቅጹ ነግሬው፣ አሜሪካ ብትመጡ ሦስታችንም የምንገባው አንድ ሳጥን ውስጥ ነው ስለው፣ ሳቁን መቆጣጠር አልቻለም። «እኔ ከልጅነቴ ጀምሮ እዚያው ነኝ፤ ዘግይታችሁ የመጣችሁት እናንተ ናችሁ» አለኝ።