የተረፈው ግማሽ ጋሎን አቼቶ

«ይህ አቼቶ እንዴት ተረፈ?» አለች አሠሪዬ። በእጇ የያዘችው ባለ አንድ ጋሎን ዕቃ ገና እስከ ግማሹ ሙሉ ነበር። ጠረጴዛው ላይ ኪያር የታጨቀባቸው 14 አፈ ሰፊ ጠርሙሶች ክዳናቸው ተገጥሞ እየቀዘቀዙ ነው። እኔ የምጠብቀው ምስጋና ነበር።

ያኔ አሜሪካ፣ ዴንቨር ከተማ ውስጥ በአንዲት ትንሽ ሳንድዊች ቤት ምግብ አብሳይ ነበርኩ። ባለቤቷ አገር ቤት ቢሆን እትዬ ብዬ የምጠራት ትልቅ ሴት ናት፤ እዚያ ግን በስሟ ብቻ ካልጠራሽኝ እያለች ታስቸግረኝ ነበር። በየዓመቱ የበጋቸው ማብቂያ ላይ፣ ኪያር ሲረክስ፣ አንድ እሑድ እቤቷ ፒክል፣ ማለትም በአቼቶ የሚቀመጥ ኪያር፣ ታዘጋጃለች። ለሽያጭ አይደለም፤ ለገና ለሠራተኞቿ የምትሰጠው ነው። በዚያ ዓመት እንዳግዛት የጠራችው እኔን ነበር።

ጠዋቱን ኪያር በማጠብና አበባው የነበረበትን ጫፍ በስሱ በመቁረጥ አሳለፍነው። ጫፉ ላይ ያለው ኢንዛይም ኪያሩን ስለሚያልፈሰፍሰው አንዱንም እንዳልዘል አስጠነቀቀችኝ። ጨዉም የገበታ ጨው አይደለም፤ በገበታ ጨው ውስጥ እንዳይጓጉል የሚጨመረው ነገር ውሃውን ያደፈርሰዋል። ዲል የሚሉትን ቅጠል ሳየው እንስላል አገኘሁ ብዬ ደስ አለኝ፤ መልኩ ቁርጥ እንስላል ነው። ሳሸተው ግን ያ ጣፋጭ ሽታ የለም። በየጠርሙሱ ነጭ ሽንኩርት፣ ሰናፍጭና ቁንዶ በርበሬ ጨመርን።

«አቼቶና ውሃ እኩል» ብላኝ ልጇ ስልክ ደወለችላትና ወደ ጓሮ ወጣች። ግማሹን ጋሎን አቼቶ፣ ከዚያም ያንኑ ያህል ውሃ ድስቱ ውስጥ ጨመርኩ። በቂ ስላልነበረ ሁለቱንም መድገም ነበረብኝ። ከመድገሜ በፊት ግን በማንኪያ ቀመስኩት። ጉሮሮዬን ፋቀው፤ ዓይኔ አለቀሰ። ይህን ማን ይበላዋል? እኔ እኮ ወጥ በዓይኔ የምመጥን፣ ጨው በመዳፌ የምለካ ሴት ነኝ። የቀረውን በሙሉ ውሃ አደረግሁት። ቀመስኩት፤ ተስማማኝ። አፍልቼ በየጠርሙሱ ሞላሁ፤ ከአፉ ግማሽ ኢንች ያህል ክፍት ቦታ ተውኩ፤ ከደንኩ።

እሷ የተመለሰችው ጠርሙሶቹ ሰባት ሰባት ሆነው በሁለት ትልልቅ ድስቶች የፈላ ውሃ ውስጥ ከገቡ በኋላ ነው። ባሕር ዳርቻ ቢሆን 15 ደቂቃ ይበቃ ነበር፤ ዴንቨር 1,600 ሜትር ከፍታ ላይ ስለሆነች 20 ደቂቃ አስቀመጠቻቸው። ውሃ እዚያ በ95 ዲግሪ ገደማ ይፈላል። (ከአዲስ አበባ ለመጣ ሰው ዴንቨር ቆላ ናት፤ አዲስ አበባ ውስጥ ከዚያም ባነሰ ሙቀት ነው የሚፈላው።) ካወጣናቸው በኋላ ክዳኖቹ ወደ ውስጥ እየተሳቡ «ጣ!» ማለት ጀመሩ። በየድምፁ ልቤ ሞቅ አለ። 14 ጊዜ ቆጠርኩ።

ከዚያ ነው ዕቃ ስታነሳሳ አቼቶውን ያየችው።

«ኮመጠጠኝ» አልኩ።

አልጮኸችም። ወንበር ስባ ተቀመጠችና ከጠርሙሶቹ አንዱን አነሳች። ቦቱሊዝም የሚባለውን ገዳይ የምግብ መመረዝ የሚያመጣውን መርዝ የሚያመነጨው ባክቴሪያ ስፖር፣ ማለትም ሙቀት የሚቋቋም እንደ ዘር ያለ ቅርጹ፣ በመፍላት ብቻ አይሞትም፤ እስከ 116 ዲግሪ የሚደርስ ሙቀት፣ ያም በግፊት ድስት ያስፈልገዋል። ፒክልን የሚጠብቀው አሲዱ ነው፤ ፒ ኤቹ (የአሲድነት መለኪያው፤ ቁጥሩ ሲያንስ አሲዱ ይበረታል) ከ4.6 በታች ከሆነ ስፖሩ አያድግም። አቼቶው ባለ 5 በመቶ፣ መጠኑም እንደተጻፈው መሆን ያለበት ለዚህ ነው። አሲዱ ካነሰ ደግሞ አየር የሌለበት፣ ጥብቅ አድርጎ የተዘጋ ጠርሙስ ለዚያ ባክቴሪያ የተመቸ ቤት ነው። ያ ስቆጥረው የነበረው «ጣ!» የሚነግረኝ ጠርሙሱ መታሸጉን ብቻ ነበር። መርዙ ሽታም ሆነ ጣዕም ላይኖረው ይችላል፤ የተማመንኩበት ምላሴ እዚህ ምንም አይፈይድም።

«ኮምጣጣነቱ ከበዛብሽ ስኳር ጨምሪበት፤ ስኳር አሲዱን አያቀጥነውም» አለችኝ። ይህን ቀደም ብላ ብትነግረኝ ብዬ በሆዴ አጉረመረምኩ። ጠይቄያት ነበር ወይ? አልጠየቅኋትም።

ሁሉንም የዚያኑ ቀን ከፍተን ወደ ሳንድዊች ቤቱ ማቀዝቀዣ ወሰድናቸው፤ ሠራተኛው በምሳ ሰዓት በቶሎ ጨረሳቸው። ኪያሩ አልባከነም። ክዳኖቹ ግን አንድ ጊዜ ብቻ የሚያገለግሉ ናቸው፤ 14ቱም ተጣሉ። አዲሶቹን በራሴ ገንዘብ ገዛሁ፤ ማንም አላስገደደኝም።

በሚቀጥለው እሑድ ደገምነው። አቼቶውን በመስፈሪያ ለካሁ፤ ስኳር ጨመርኩ። እሷ ክንዷን አጣምራ አጠገቤ ቆማለች። ስልኳ ሁለት ጊዜ ጠራ፤ አላነሳችውም።