ሰከንድ ቤዝ ላይ ደብል ፕሌይ፦ ቀድሞ የነገረኝ ቢኖር ኖሮ

ቤዝቦል ላይ መሬት ለመሬት የምትመጣን ኳስ ጎንበስ ብሎ መቀበል፣ ጓንቱን ከታች ወደ ላይ ማንሳት፣ ወደ ፈርስት ቤዝ (መቺው መጀመሪያ ሮጦ ወደሚደርስበት ምልክት) መወርወር በልምምድ ይመጣል፤ አልፈዋለሁ። ሰው የሚቸገርበት ደብል ፕሌይ ነው፦ ኳሷን ይዞ ሰከንድ ቤዝን በመርገጥ ከፈርስት ቤዝ የሚመጣውን ሯጭ፣ ወዲያው ወደ ፈርስት ቤዝ በመወርወር ደግሞ መቺውን ከጨዋታ ማስወጣት (ሁለት "አውት")።

ከጓንቱ ልጀምር። ሻጮች "ትልቅ ሲሆን ኳስ አያመልጥም" እያሉ 12 ኢንች ያስታቅፏችኋል። ለሰከንድ ቤዝ ተጫዋች 11.25፣ ቢበዛ 11.5 ይበቃል። ጥልቅ ጓንት ውስጥ የገባችን ኳስ እጅ በዳበሳ ነው የሚያወጣት፤ ለዳበሳ ደግሞ ጊዜ የለም። ዘይቱን በጨርቅ ጫፍ ስስ አድርጋችሁ ቀቡት። ምድጃ ውስጥ ክተቱት የሚሉትን አትስሙ፤ ቆዳው ይደርቃል፣ ጠፍሩም ይበጠሳል። ኳስ ከትቶ አስሮ ማሳደርም ኪሱን ስለሚያጠልቀው እኔ አላደርገውም።

አሁን ወደ እግር። ከቤዝ እስከ ቤዝ 90 ጫማ፣ ማለትም 27 ሜትር ተኩል ገደማ ነው። በፕሮፌሽናል ደረጃ ቀኝ እጅ መቺ ፈርስት ቤዝ ለመድረስ በአማካይ 4.3 ሴኮንድ ያህል ይፈጅበታል። በዚያች ጊዜ ኳሷ ወደ ሾርትስቶፕ (በሰከንድና በሰርድ ቤዝ መካከል ወደሚቆመው ተጫዋች)፣ ከሱ ወደ እናንተ፣ ከእናንተ ወደ ፈርስት ቤዝ መሄድ አለባት። ሾርትስቶፑን ስታዩ ከፈርስት ቤዝ የተነሳው ሯጭ በግራችሁ እየተንደረደረ ነው።

የኛ ሊግ መመሪያ "ቤዙን ተሻግራችሁ ወርውሩ" ይላል። ጉልበት ይሰጣል፣ አልክድም። ግን ኳሷ ትንሽ ከዘገየች ቤዙን ለቃችሁ ትገኛላችሁ፤ አውቱም ቀረ። እኔ የያዝኩት ሌላውን ነው፦ ግራ እግር ቤዙ ላይ፣ ኳሷ ስትገባ ቤዙን ገፍቶ በቀኝ እግር ወደኋላ መቆም፣ ከዚያ መወርወር። ውርወራው ትንሽ ይደክማል፤ በምትኩ ቤዙ በእናንተና በሯጩ መካከል ይቀራል።

እጆቻችሁ ደረት ላይ ተጠጋግተው ይጠብቁ። ጓንቱ ጠፍጣፋ ይሁን፤ ኳሷ ነክታው ወደ ሌላው እጅ ትሻገር እንጂ አትታሰር። የስፌቷን አቅጣጫ ፍለጋ አትዘግዩ። የፒትስበርጉ ሰከንድ ቤዝ ተጫዋች ቢል ማዜሮስኪ ኳሷን የሚይዛት አይመስልም ነበር ይባላል። በሰከንድ ቤዝ 1,706 ደብል ፕሌይ አድርጎ ነው የጨረሰው፤ እስከ ዛሬ የቦታው ሪከርድ ነው።

ስለ ሯጩ ማንም አያስጠነቅቅም። እ.ኤ.አ. በጥቅምት 2015 ሯጩ ቼስ አትሊ ሰከንድ ቤዝ ላይ ተንሸራትቶ ገብቶበት የተከላካዩ የሩበን ቴሃዳ እግር ተሰበረ፤ በ2016 የአሜሪካ ዋናው ሊግ ሕጉን አጠበቀ። ሯጩ ቤዙን ሳይደርስ መንሸራተት ይጀምር፣ በእጁ ወይም በእግሩ ይንካው፣ እዚያው ለመቆየት ይሞክር፣ ተጫዋች ለመግጨት አቅጣጫ አይቀይር ይላል። የሰፈር ሊግ ዳኞች ግን "ጨዋታው እንዲህ ነው" ብለው ያልፉታል፤ ይህ እስካሁን ያናድደኛል። ዋናው ሊግ በ2023 ቤዙን ከ15 ወደ 18 ኢንች ማስፋቱ ለእግር ቦታ ሰጥቷል፤ ብዙ የሰፈር ሜዳ ላይ ያለው ግን ያው አሮጌው ነው።

ስትለማመዱ ሾርትስቶፑ ሆን ብሎ አበላሽቶ ይወርውርላችሁ፤ ጥሩ ኳስ ብቻ መቀበል ምንም አያስተምርም። ጨዋታ ላይ ኳሷ ከትከሻ በላይ ወይም ከጉልበት በታች ከመጣች ሁለተኛውን አውት እርሱት። እግራችሁን ቤዙ ላይ አቆዩ፣ አንዱን አውት ውሰዱ፣ ኳሷን ለፒቸሩ (ለመቺው ኳስ ለሚወረውረው) መልሱ። አሰልጣኙ ቢጮህም ይጩህ።