ክሪሽናን ያስሮጥኩበት ምሽት

ምነው አንድ ሰው አስቀድሞ በነገረኝ እያልኩ እስካሁን ስለምቆጭ ነው የምጽፈው።

ህንድ አገር፣ ፑኔ ከተማ ተማሪ ሳለሁ የቀደምቱን የህንድ ፊልም ሠሪ የዳዳሳሄብ ፋልኬን «ካሊያ መርዳን» ለጓደኞቼና ለጎረቤቶቼ ላሳይ ተነሣሁ። እ.ኤ.አ. በ1919 የተሠራ ድምፅ አልባ ፊልም ነው። የሂንዱዎች አምላክ የሆነው ክሪሽና፣ ገና ሕፃን ሳለ ያሙና ወንዝ ገብቶ ካሊያ የተባለውን እባብ ያሸንፋል። ክሪሽናን ሆና የምትጫወተው የፋልኬ ትንሽ ልጅ ማንዳኪኒ ናት። ቅጂ አገኘሁ፣ አዳራሽ አስፈቀድኩ፣ ወንበር ደረደርኩ።

ጉዱ የመጣው ከፍጥነቱ ነው። ያኔ ካሜራ የሚዘወረው በእጅ ነበር፤ በሰከንድ 16 ምስል ገደማ። እኔ እጅ የገባው ቅጂ ግን በ24 እንዲሄድ ተደርጎ የተገለበጠ ነበር። ዋዜማውን ስሞክረው ጥድፊያው ታውቆኛል። ለአዳራሹ ኃላፊ ነገርኩት። «የመጣ ፋይል አይነካም፣ ደንባችን ነው» አለኝ። እሺ ብዬ ወጣሁ። እሱ ቢያናድደኝም፣ ከሁሉ በላይ የሚያበግነኝ ያ እሺታዬ ነው።

ፊት ወንበር ላይ ጎረቤቴ ተቀምጠዋል፤ የአካባቢውን ቋንቋ ማራቲን የሚናገሩ አሮጊት እናት ናቸው። ነጠላ ጫማቸውን አውልቀው ወንበሩ ሥር አድርገውታል። ነገሩ ገብቶኛል። እ.ኤ.አ. በ1917 የፋልኬ ሌላ ፊልም «ላንካ ዳሃን» ሲታይ፣ አምላኩ ራማ ብቅ ሲል ሰዉ ለአክብሮት ጫማውን ያወልቅ ነበር። ራማንም ሚስቱን ሲታንም ሆኖ የተጫወተው አንድ ወንድ፣ ቀድሞ ምግብ ቤት ያበስል የነበረው አና ሳሉንኬ ነው። ተመልካቹ ግን አምላኩ መጥቶለታል።

የእኔው ክሪሽና ይሮጣል። እባቡ ራስ ላይ ሲጨፍር እንደ ድንቢጥ ይፈናጠራል። ወንዝ ዳር የሚያለቅሱት ሰዎች እጃቸው ይርገበገባል። ተማሪዎቹ በሳቅ ፈነዱ። እማማ ለጸሎት ያጋጠሙትን እጃቸውን ቀስ ብለው ለቀቁ። ጎንበስ ብለው ጫማቸውን በጨለማ ዳበሱና ወጡ።

ስለዚህ ደንብ ቢሏችሁም አትስሙ። ፍጥነቱን ራሳችሁ አስተካክሉ። 16 ላይ ጀምሩና የሰው እርምጃ እርምጃ እስኪመስል በዓይናችሁ ለኩት። ድምፅ አልባ ነው ብላችሁም በዝምታ አታሳዩ። ያኔም ከፊልሙ ጋር ሙዚቃ ይጫወት ነበር። ሃርሞኒየም (በንፋስ የሚሠራ ባለ ቁልፍ የሙዚቃ መሣሪያ) እና ታብላ (የህንድ ጥንድ ከበሮ) የሚችል ሰው ፈልጉ፤ በጀት የለም ካሏችሁ ከኪሳችሁም ቢሆን ክፈሉ።

ከወር በኋላ ደገምኩት። እማማ ደጅ ሄጄ ይቅርታ ጠየቅኩ፤ መጡ። መጀመሪያ ላይ ማንዳኪኒ ለካሜራው ፊቷን ትቀያይራለች። በዚህኛው ፍጥነት አንዱ ስሜት ሌላውን ሲተካ ቁልጭ ብሎ ይታያል። ክሪሽና እባቡ ራስ ላይ ቆሞ ከውኃው ሲወጣ ዞር ብዬ አየሁ። የእማማ ጫማ ወንበሩ ሥር ነበር።