በባቡር ወደ ፔናንግ፦ ማሌዥያ የሀብታሞች ደጃፍ ላይ ለምን ቆየች?

ከኩዋላ ላምፑር ሴንትራል ጣቢያ ከፔናንግ ደሴት ማዶ ወዳለችው ባተርወርዝ የሚሄደው የኤሌክትሪክ ባቡር መንገዱ አራት ሰዓት ገደማ ይፈጅበታል። ትኬቱ እንደ ባቡሩ ዓይነት ከ60 እስከ 80 ሪንጊት አካባቢ ነው። ቅዳሜና እሁድ ወይም የበዓል ሰሞን ከሆነ ቀድሞ በስልክ መቁረጥ ይሻላል፤ ጣቢያ ደርሶ ወንበር ማግኘት ዘበት ነው። ማቀዝቀዣው ሰው አይምርም፣ ጋቢ የያዘ አይቆጨውም። አውሮፕላን በአንድ ሰዓት ለሚያደርሰው መንገድ ባቡር የመረጥኩት፣ ማሌዥያ ሀብታም ለመሆን የሞከረቻቸው ዘዴዎች አብዛኞቹ በዚህ ሐዲድ ግራና ቀኝ ስለሚገኙ ነው።

የዓለም ባንክ በጁላይ 2024 (ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ባወጣው መስፈርት፣ አንድ አገር ከፍተኛ ገቢ ካላቸው ተርታ የሚገባው የነፍስ ወከፍ ገቢው ከ14,005 ዶላር ሲበልጥ ነበር። የማሌዥያ የ2023 ገቢ 12,000 ዶላር ገደማ ነበር። የያኔው ጠቅላይ ሚኒስትር ማሃቲር መሐመድ በ1991 አገራቸው በ2020 ያደገች እንድትሆን አልመው ነበር፤ ቀኑ መጥቶ አለፈ። መለኪያው በዶላር በመሆኑ የምንዛሪ ተመንም እጁ አለበት፦ ሪንጊት በፌብሩዋሪ 2024 አንድ ዶላር 4.80 እስኪገባ ድረስ ወርዶ ነበር፣ ከ1998 ወዲህ ያልታየ ውድቀት። ምርት ሳይቀንስ ገቢ በወረቀት ላይ እንዴት እንደሚቀንስ፣ ብር በገበያ ዋጋ እንዲመነዘር ከተለቀቀ ወዲህ እኛም አሳምረን እናውቃለን። ምንዛሪው ግን የጉዳዩ ትንሹ ክፍል ነው።

ባቡሩ ከዋና ከተማው ወጥቶ ብዙም ሳይቆይ ታንጁንግ ማሊም ይደርሳል። ፕሮቶን የተባለው ብሔራዊ መኪና አንዱ ፋብሪካ እዚህ ነው። ኩባንያው በ1983 ከሚትሱቢሺ ጋር ተቋቁሞ በ1985 የመጀመሪያውን ሳጋ አወጣ። ከውጭ በሚገባ መኪና ላይ ከባድ ቀረጥ ተጣለ፣ የአገሬው ሰው ፕሮቶን ገዛ፣ ኩባንያው ያለ ተፎካካሪ ኖረ። ደቡብ ኮሪያም ሂዩንዳይን በቀረጥ አጥር ውስጥ ነው ያሳደገችው፤ ነገር ግን ውጭ ሄዶ እንዲሸጥ ገፋችው፣ በ1986 ኤክሴል የተባለችው መኪናው አሜሪካ ገባች። ከለላ ከኤክስፖርት ግዴታ ጋር ካልታሰረ ጥራቱን የሚፈትሽ ገዢ አይኖርም። የፕሮቶን 49.9 በመቶ ድርሻ በ2017 ለቻይናው ጂሊ ተሸጧል።

ከዚያ በኋላ ዓይን እስኪሰለች የዘንባባ ዘይት እርሻ ነው። ኢፖ አካባቢ ሲደረስ የኪንታ ሸለቆ ኩሬዎች ይታያሉ፤ ውብ ሐይቅ የሚመስሉት አብዛኞቹ የቆርቆሮ (ቲን) ማዕድን ሲታጠብባቸው የኖሩ ጉድጓዶች ናቸው። የቆርቆሮ ዋጋ በኦክቶበር 1985 ሲንኮታኮት ማዕድኑ ተዘጋ። አገሪቱ ያኔ ያልወደቀችው ሌላ መተዳደሪያ ስለነበራት ነው፤ ያ መተዳደሪያ በዚሁ ሐዲድ መጨረሻ፣ ባሕሩን ተሻግሮ ነው።

ከባተርወርዝ ጣቢያ በእግር ጀልባው ወደብ ይደረሳል፤ መሻገሪያው ሩብ ሰዓት ያህል ነው። ከጆርጅ ታውን ወደ ባያን ሌፓስ ኢንዱስትሪ ቀጠና ግራብ (በስልክ የሚጠራ ታክሲ) ጠርቼ በባሕር ዳሩ አውራ ጎዳና ሄድኩ። መንገዱ በሊም ቾንግ ዩ ስም ተሰይሟል፣ ይገባቸዋልም። በ1969 የፔናንግ ዋና ሚኒስትር ሲሆኑ ደሴቲቱ ነጻ ወደብነቷን አጥታ ሥራ አጥነቱ 15 በመቶ አካባቢ ነበር። የልማት ኮርፖሬሽን አቋቋሙ፣ የሩዝ ማሳውን ወደ ነጻ የንግድ ቀጠና ቀየሩ፣ የውጭ ኩባንያዎችን እየዞሩ ጋበዙ። ኢንቴል በ1972 ከአሜሪካ ውጭ የመጀመሪያ ፋብሪካውን እዚህ ተከለ፤ ኤኤምዲ፣ ሂውለት ፓካርድ፣ ቦሽና ሂታቺም በዚያው ሰሞን መጡ። ለዓመታት የግብር እፎይታ ተሰጣቸው፤ በኤሌክትሮኒክስ ዘርፍ አገር አቀፍ የሠራተኛ ማኅበር ማቋቋም ግን ለረጅም ጊዜ ተከለከለ።

ፋብሪካ ለማየት አስቀድሞ ጽፎ ማስፈቀድ ግድ ነው፣ ትልልቆቹ እንግዳ አያስገቡም። እኔን ያስገባኝ አነስ ያለ የአገሬው አቅራቢ ድርጅት ነበር። ቺፑ፣ ማለትም የኤሌክትሮኒክስ ዕቃ አንጎል የሆነው ጥቃቅን ቁራጭ፣ ከውጭ ተሠርቶ ዋፈር በሚባል ክብ የሲሊከን ዝርግ ላይ ይመጣል። እዚህ ጀርባው ተፍቆ ይሳሳል፣ በአልማዝ ምላጭ ይቆራረጣል፣ እያንዳንዱ ቁራጭ በብረት መያዣ ላይ ይለጠፋል። ቀጥሎ ቺፑን ከእግሮቹ ጋር የሚያገናኘው ሽቦ ይተከላል። ሽቦው 25 ማይክሮን ያህል ነው፣ ከጸጉር እጅግ የቀጠነ። የኤሌክትሪክ ብልጭታ ጫፉን አቅልጦ ድቡልቡል ያደርገዋል፤ መርፌ መሰሉ ሴራሚክ በሙቀት፣ በግፊትና በንዝረት ቺፑ ላይ ይጫነዋል፣ ከዚያ ሽቦውን እንደ ቀስት ጎትቶ ሌላኛውን ጫፍ ብረቱ ላይ ይሰፋዋል። በ1970ዎቹ ወጣት ሴቶች ማይክሮስኮፕ ላይ አቀርቅረው አንድ በአንድ ሲሠሩት የኖሩትን ማሽኑ አሁን በሰከንድ ከአሥር ሽቦ በላይ ያካሂደዋል።

ሽቦው ቀድሞ ከወርቅ ነበር የሚሠራው፤ ወርቅ ሲወደድ ብዙዎች ወደ መዳብ ዞረዋል። መዳብ ርካሽ ቢሆንም ጠጣር ስለሆነ ግፊቱ ትንሽ ከበዛ ከሥር ያለውን ቺፕ ይሰነጥቃል፤ ኦክሲጅን ሲያገኝም ስለሚዝግ ድቡልቡሉ ሲሠራ ናይትሮጅንና ትንሽ ሃይድሮጅን እየተነፋበት ነው። ይህን ማስተካከል እውነተኛ ሙያ ነው፣ ፔናንግም አላት። ገንዘቡ ግን ሌላ ቦታ ይቀራል። ቺፑን የነደፈው ትልቁን ድርሻ ይወስዳል፣ ሽቦ ተካይ ማሽኑን የሚሸጡት ዋነኞቹ ኩባንያዎች መቀመጫቸው ሲንጋፖር ነው። ማሌዥያ ከዓለም የቺፕ መገጣጠም፣ ማሸግና ፍተሻ 13 በመቶ ያህሉን ይዛ፣ ደንበኛው ዋጋ ቀንሽ ሲላት የምትቀንሰው ከዚህ እርከን ነው።

ከፋብሪካው በር የሠራተኛ አውቶቡሶች ተሰልፈው ይቆማሉ። የሚወርዱት በአብዛኛው ኔፓላውያን፣ ባንግላዴሻውያንና ኢንዶኔዥያውያን ናቸው። አሠሪ በማኑፋክቸሪንግ ለአንድ የውጭ ሠራተኛ በዓመት 1,850 ሪንጊት ለመንግሥት ይከፍላል፤ ዝቅተኛው የወር ደመወዝ ከፌብሩዋሪ 2025 ጀምሮ 1,700 ሪንጊት ነው። ሂሳቡን ለሚሠራ ባለ ፋብሪካ፣ በዚህ ዋጋ ሰው እየተገኘ በውድ ማሽን መተካት ኪሳራ ነው። የእያንዳንዱ ድርጅት ውሳኔ ትክክል ነው፤ ድምሩ ግን ምርታማነት የማያድግበት ኢኮኖሚ ይሆናል። ደመወዙ ከቬትናም ጋር ለመፎካከር ከፍ ይላል፣ ችሎታው ታይዋን ለመድረስ ያንሳል። ባለሙያዎች ከ2007 ወዲህ የመካከለኛ ገቢ ወጥመድ የሚሉት ይህንኑ ነው።

ታይዋንም ከመገጣጠም ነው የጀመረችው። በ1976 መንግሥቷ ከአሜሪካው አርሲኤ ኩባንያ ቴክኖሎጂ ገዝቶ ኢንጂነሮቹን እዚያው ልኮ አሠለጠነ፣ በ1987 ዛሬ ግዙፍ ቺፕ አምራች የሆነው ቲኤስኤምሲ ተመሠረተ። ማሌዥያ የራሷን የዋፈር ፋብሪካ ሲልቴራን ያቋቋመችው በ1995 ነው፤ ከፔናንግ አጠገብ ባለችው ኩሊም አሁንም ይሠራል፣ በ2021 ግን መንግሥት ሸጦታል። በ200 ሚሊሜትር ዋፈር የሚሠራ አንድ ፋብሪካ በየጊዜው ማሽን ከሚቀይሩ ግዙፎች ጋር እኩል መራመድ አይችልም፤ መዘግየቱ ብቻውን በቂ ቅጣት ነበር።

የተሳካው ነገር ብዙ አይወራለትም። በ1989 ኩባንያዎች፣ መንግሥትና ትምህርት ተቋማት በጋራ የፔናንግ ክህሎት ልማት ማዕከልን ከፈቱ፤ ምን ይማሩ የሚለውን ፋብሪካዎቹ ራሳቸው ይወስናሉ። ከውጭ ኩባንያ የወጡ ኢንጂነሮች ደግሞ የራሳቸውን ድርጅት አቋቋሙ። ቪትሮክስ ለምሳሌ በ2000 ተመሥርቶ ቺፕ በካሜራ የሚፈትሹ ማሽኖችን እየሠራ ለዓለም ይሸጣል። ማሽን የሚሸጥ የአገሬው ድርጅት ዋጋ የመደራደር አቅም አለው። ሐዋሳ ኢንዱስትሪ ፓርክ በ2016 ሲመረቅ የተከተለው የፔናንግን የ1972 ቀመር ነው፦ ዝግጁ ሼድ፣ የግብር እፎይታ፣ ወጣት ሴት ሠራተኞች፣ ክፍት የውጭ ገበያ። ከአሜሪካ የቀረጥ ነጻ ገበያ ዕድል ከአጎዋ በጃንዋሪ 2022 ስንሰረዝ የመጨረሻው ጎደለ። ከዚያ የባሰው፣ ዚፑም ቁልፉም ክሩም ከውጭ መምጣቱ ነው፤ እኔ ብጠየቅ የምቆጥረው የገቡትን ኩባንያዎች ሳይሆን ከአገር ውስጥ የሚገዙትን ዕቃ ነው።

ደሴቲቱ መሬት ስለጨረሰች አዳዲሶቹ ፋብሪካዎች በ2014 የተከፈተውን 24 ኪሎ ሜትር ድልድይ ተሻግረው ባቱ ካዋን ላይ ናቸው። ውሃ ሌላ ራስ ምታት ነው። ፔናንግ ከ80 በመቶ በላይ ጥሬ ውሃዋን የምትቀዳው ከጎረቤት ክልል ኬዳ ጋር ከምትጋራው የሙዳ ወንዝ ነው፣ ኬዳም ክፈሉኝ ትላለች።

በሜይ 2024 መንግሥት ቢያንስ 25 ቢሊዮን ሪንጊት ድጋፍ የተመደበለት የሴሚኮንዳክተር (የቺፕ ኢንዱስትሪ) ስትራቴጂ አወጣ፤ በማርች 2025 ደግሞ ከእንግሊዙ የቺፕ ንድፍ ኩባንያ ከአርም ጋር ለአሥር ዓመት 250 ሚሊዮን ዶላር የሚከፈልበት የቺፕ ንድፍ ስምምነት ፈረመ። ገንዘቡ ወደ ሕንጻ ሳይሆን ወደ ንድፍ መሄዱ አስተዋይነት ነው። ስትራቴጂው 60,000 ኢንጂነሮች ለማሠልጠን ያቅዳል። ፔናንግ የሚሠራ ወጣት ኢንጂነር ግን ሲንጋፖር ሄዶ ያንኑ ቁጥር ቢከፈለው እንኳ በሲንጋፖር ዶላር ነው፣ አንዱ ከሦስት ሪንጊት በላይ ይመነዘራል። የዓለም ባንክ በ2011 እንደገመተው ወደ አንድ ሚሊዮን ማሌዥያውያን ውጭ ይኖሩ ነበር፤ ብዙዎቹ እዚያው ሲንጋፖር። ከ60,000ዎቹ ስንቱ እንደሚቀር የሚወስነው የሥልጠናው ብዛት ሳይሆን የባያን ሌፓስ የደመወዝ ሰሌዳ ነው፤ እሱን ደግሞ መንግሥት ብቻውን አይጽፈውም።