ያለ ምስክር የባንክ ሂሳብ የከፈትኩት እንዲህ ነው

ዓይነ ስውር ሆኖ ብቻውን ባንክ የገባ ሰው ምላሹን ያውቀዋል። «ምስክር ይዘው ይምጡ።» አራት ኪሎ አካባቢ ያለ አንድ ቅርንጫፍም እኔን የመለሰኝ እንዲሁ ብሎ ነው። የሄድኩት ደመወዜ የሚገባበት ሂሳብ ልከፍት ነበር። የቀጠረኝ መሥሪያ ቤት ምስክር አላለኝም፤ ገንዘቤን የሚያስቀምጠው ባንክ ግን አለኝ።

ምስክር ማምጣት ቀላል ይመስላል። እህት አለች፣ ጎረቤት አለ። ግን ምስክሩ ስንት እንደማገኝ ያውቃል። ስንት እንዳወጣሁ፣ ስንት እንደቀረኝም ያውቃል። እሱ ካልተመቸው ደግሞ እኔ ገንዘቤን ማውጣት አልችልም። ይህን ሽሽት በዘመድ ስም አስቀምጠው ገንዘባቸው የቀለጠባቸው ጓደኞች አሉኝ። ስለዚህ ምስክር ይዤ ላልመለስ ወሰንኩ።

መጀመሪያ ሕጉን ያዝኩ። ስድስት ኪሎ ሕግ ተምሬያለሁ፤ ዓይነ ስውሯ የሕግ ባለሙያና የአካል ጉዳተኞች መብት ተሟጋች የትነበርሽ ንጉሤ ያለፈችበት ትምህርት ቤት ነው። ችግሩ፣ እኛ እጅ የሚደርሰው ነጋሪት ጋዜጣ ብዙ ጊዜ ፎቶ የተነሳ ፒዲኤፍ ነው፤ የኮምፒውተሬ ስክሪን ሪደር፣ ማለትም ጽሑፍን በድምፅ የሚያነብልኝ ፕሮግራም፣ አያነበውም። ጓደኛዬ እያነበበችልኝ የሚያስፈልጉኝን አንቀጾች በብሬል ጻፍኩ። ስሌት በሚባለው ቀዳዳ ያለው የብሬል መጻፊያ ሰሌዳና ስታይለስ በሚባለው መውጊያ፣ ወፍራም ወረቀት ላይ፣ ከቀኝ ወደ ግራ እየወጋሁ። ወረቀቱ ሲገለበጥ ነጥቡ ወጥቶ ከግራ ወደ ቀኝ ይነበባል። በብሬል «ላ» ብቻዋን ሁለት ቦታ ትወስዳለች፤ አጭር አንቀጽም ብዙ ወረቀት ይበላል።

ባንኮች የሚፈሩት የ1952ቱን የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1728 ነው። ንዑስ ቁጥር 3 የዓይነ ስውር ወይም ማንበብ የማይችል ሰው ፊርማ በውል አዋዋይ፣ በመዝገብ ሹም ወይም በዳኛ ካልተረጋገጠ አያስገድደውም ይላል። እንዳንታለል ታስቦ የተጻፈ ነው። ግን ልብ በሉ፤ አገልግሎት ከልክሉ አይልም። በሌላ በኩል ሀገራችን የአካል ጉዳተኞች መብቶች ስምምነትን በአዋጅ ቁጥር 676/2002 አጽድቃለች። የስምምነቱ አንቀጽ 12 የገንዘብ ጉዳያችንን ራሳችን የማስተዳደር እኩል መብት ይሰጠናል። የጸደቀ ስምምነት የሀገሪቱ ሕግ አካል መሆኑን ደግሞ ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 9 ላይ ይነግረናል።

ስመለስ ያው ችግር ያለባቸውን ጓደኞቼን ይዤ ነው፤ ሁላችንም ዓይነ ስውራን፣ ሁላችንም ነጭ በትራችንን ይዘን። ዓይናማ ሰው ይዘን ብንሄድ ሠራተኛው እኛን ትቶ እሱን «ምን ፈልገው ነው?» ይለዋል። ይህን ሁላችንም ጠግበነዋል።

ሥራ አስኪያጁ አስቀመጠን። ወረቀቱን ጉልበቴ ላይ ዘርግቼ በጣቴ እየተከተልኩ አንቀጾቹን አነበብኩለት። እስክጨርስ ሰማኝ። ከዚያ ፍርሃቱን አወጣው፦ «ነገ ፊርማዬ አያስገድደኝም ቢሉ የምጠየቀው እኔ ነኝ።»

ነገሩ የተፈታው እዚህ ላይ ነው። ሰውየው ሊያዋርደን ሳይሆን ራሱን ሊጠብቅ ነበር። ስለዚህ ስለ መብቴ ብቻ ከመከራከር ለፍርሃቱም መላ አቀረብኩ። የሂሳቡ ደንብ ተነቦልኝ መስማማቴን የሚገልጽ ሰነድ ውልና ማስረጃ ሄጄ አንድ ጊዜ አረጋግጣለሁ፤ ከዚያ ወዲያ ምስክር የሚባል ነገር አይኖርም። ካልሆነ ግን የተከለከልኩበትን መመሪያ በጽሑፍ ይስጡኝ አልኩ። እንዲህ ያለ ደብዳቤ ላይ መፈረም የሚፈልግ ሰው የለም። ዋናው መሥሪያ ቤት ተጠየቀ፤ ጊዜ ፈጀ፤ እሺ መጣ።

እሺታው ሲመጣ «ለእርስዎ እንተባበርዎታለን» የሚል ነበር። አልተቀበልኩም። ትብብር ሥራ አስኪያጅ ሲቀየር አብሮ ይቀየራል። አብረውኝ የሄዱት ሁሉ በዚሁ አሠራር እንዲስተናገዱ ጠየቅን፤ ተስተናገዱም።

ለፊርማው ካርቶን ላይ ቀጭን መስኮት ቆርጬ ይዣለሁ። ሠራተኛዋ መስኮቱን መስመሩ ላይ ታደርግልኛለች፣ እኔ በውስጡ እፈርማለሁ። ፊርማችሁ በየጊዜው እንዳይለያይ ቤት ተለማመዱ፤ ለመመለስ ሰበብ ከሚሆኑት አንዱ እሱ ነው። ኤቲኤሙ ላይ 5 ቁጥር ያላት ነጥብ ጣቴን ትመራኛለች፣ ማሽኑ ግን አይናገርም። ስለዚህ አብዛኛውን ነገር የምጨርሰው በስልክ ነው፤ ቶክባክ የሚባለው የስልኩ ስክሪን ሪደር ያነብልኛል።

አሁን የያዝነው ብድርን ነው። አንቀጽ 12 ብድርንም በስም ይጠቅሳል። የኢትዮጵያ ዓይነ ስውራን ብሔራዊ ማኅበር አባል ነኝ፤ በማኅበሩ በኩል አቤት ለማለት የሰዎችን ገጠመኝ እየሰበሰብኩ ነው። ባንክ የመለሳችሁ ካላችሁ ቅርንጫፉን፣ ቀኑንና የተባላችሁትን ሳትረሱ ጻፉት። እኔ ያረጋገጥኩትን ሰነድም ለሚፈልግ ሰው እሰጣለሁ፤ በብሬልም በኮምፒውተር የወርድ ፋይልም አለ።