ሁለቱ ፎስፊኖች

ባለፈው ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ የሦስተኛ ዓመት ተማሪዎቼን ይዤ ላቦራቶሪ ነበርኩ። ጓንት አጥልቄ ከቡናማ ጠርሙስ ነጭ ነገር በማንኪያ እየቀነስኩ ሚዛኑ ላይ እጨምራለሁ። አንድ ልጅ የጠርሙሱን ጽሑፍ አነበበና ሁለት እርምጃ ወደ ኋላ አለ።

«ቲቸር፣ ይሄ ፎስፊን አይደል እንዴ? ማስክ እንኳ ሳያደርጉ?»

ጓደኞቹ ሳቁበት። እኔ መሳቅ አልቻልኩም። ልጁ ያደገው እህል አገር ነው፤ ፎስፊን የሚለውን ቃል ያወቀው ከኬሚስትሪ መጽሐፍ ሳይሆን ከነቀዝ ክኒን ነው። እኔም እንደዚያው ነኝ። ጠርሙሱን ከድኜ ወደ ሰሌዳው ሄድኩ። ያን ቀን የነገርኳቸውን፣ ሰዓቱ አልቆብኝ ሳልነግራቸው የቀረሁትንም ጨምሬ እዚህ ልጻፈው።

ቤታችን ቡሬ አጠገብ ነው፤ በቆሎ አገር። ዘጠነኛ ክፍል እያለሁ፣ በቆሎው ተፈልፍሎ ጆንያ ከገባ ሁለት ወር ሳይሞላው ነቀዝ ወረረው። ጆንያው ላይ ጆሮዬን ሳስጠጋ ሲንሿሿ ይሰማኛል፤ ሲነሣም ከሥሩ ዱቄት ይራገፋል። አባቴ ገበያ ወጥቶ ከአንድ ሱቅ ክኒን ገዛ። ባለሱቁ ከቆርቆሮው ስድስት ፍሬ ቆጥሮ በደብተር ወረቀት ጠቅልሎ ሰጠው። ወረቀቱ ላይ የሆነ ተማሪ የሠራው ሒሳብ እንጂ ስለ ክኒኑ የሚል አንድ ፊደል አልነበረበትም። እናቴ እያንዳንዱን በጨርቅ ቋጥራ ጆንያዎቹ ውስጥ ከተተች። ጆንያዎቹ ደግሞ የምንተኛበት ክፍል ጥግ ላይ ተደረደሩ፤ ሌላ ማስቀመጫ አልነበረንም።

ሌሊት ላይ እናቴ ቀሰቀሰችኝ። «ነጭ ሽንኩርቱን የት ነው ያደረግሽው? ቤቱን ሞላው እኮ!» ባትሪ ይዛ አልጋ ሥር ስትፈልግ አየኋት። ያን ሰሞን ቤታችን አንድ ራስ ነጭ ሽንኩርት አልነበረም። ታናሽ ወንድሜ ጭንቅላቱን ይዞ ማስመለስ ሲጀምር አባቴ በሩን በርግዶ ሁላችንንም ወደ ደጅ አወጣን። እስኪነጋ ጋቢ ተከናንበን ውጭ ተቀመጥን። ወንድሜ ዳነ፤ ዛሬ የራሱ ልጆች አሉት።

ያ ሽታ ምን እንደነበረ ያወቅኩት ዩኒቨርሲቲ ከገባሁ በኋላ ነው። ክኒኑ በውስጡ ያለው አሉሚኒየም ፎስፋይድ ነው። ራሱ ጋዝ አይደለም፤ ከእህሉና ከአየሩ እርጥበት ሲያገኝ ግን ፎስፊን የሚባለውን ጋዝ ይለቃል፦ አንድ ፎስፈረስ፣ ሦስት ሃይድሮጅን። ንጹሑ ፎስፊን ሽታ የለውም። የነጭ ሽንኩርት ወይም የበሰበሰ ዓሣ ሽታ የሚያመጡት አብረውት የሚወጡ ሌሎች ጥቂት ውሁዶች ናቸው። እህሉ እነሱን መጥጦ ሊያስቀር ይችላል። ስለዚህ «አይሸትም፣ አልቋል ማለት ነው» ማለት አያዋጣም። ይሄን ለእናቴ ለማስረዳት ሁለት የክረምት ዕረፍት ፈጅቶብኛል።

ተማሪዎቼ ፊት ያን ክፍል አሰላሁት። ወርዱ 3 ሜትር፣ ርዝመቱ 4፣ ቁመቱ 2.5፤ 30 ሜትር ኩብ። ባለ 3 ግራሙ ክኒን ተሟጥጦ ሲያልቅ 1 ግራም ያህል ፎስፊን ይሰጣል። 1 ግራም ፎስፊን በተራ የክፍል ሙቀት 0.7 ሊትር ገደማ ቦታ ይይዛል። ሁሉም ክፍሉ ውስጥ ቢቀር፣ ከአንድ ክኒን ብቻ በአየሩ ሚሊዮን እጅ ውስጥ 24 እጅ ፎስፊን ይሆናል፤ ከስድስቱ 144። የአሜሪካ የሥራ ደኅንነት ደንብ ስምንት ሰዓት ለሚሠራ ሰው የሚፈቅደው 0.3 ነው፤ 50 ሲደርስ ደግሞ በቀጥታ ለሕይወት የሚያሰጋ ተብሎ ተመዝግቧል። ጋዙ የሚወጣው በቀናት ቀስ እያለ ነው፤ የቤታችን ጣሪያም ከግድግዳው ጋር አይገጥምም ነበር። ያ ክፍተት ነው ያተረፈን። የኖራው ሰሌዳ ላይ 144 ብዬ ስጽፍ እጄ ቀዘቀዘ።

ነቀዙን የሚገድለውም ይኸው ነው። ሞለኪውሉ ትንሽ ስለሆነ ፍሬው ውስጥ ድረስ ይገባል፤ እንቁላሉም ትሉም ሳይቀር ያገኛቸዋል። በትክክል የሚሠራው በታሸገ መጋዘን ወይም በደንብ በተሸፈነ ክምር ውስጥ፣ ሰው በሌለበት፣ ቀናት ቆይቶና ከዚያ በደንብ ተናፍሶ ነው። በጨርቅ ቋጥሮ መኝታ ቤት ማስቀመጥ የዚህ መድኃኒት አሠራር አይደለም።

እንግዲህ ይሄ የመጀመሪያው ፎስፊን ነው። በ1783 (ከዚህ በኋላ ያሉት ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው) ፊሊፕ ዣንጃምብር የተባለ የዝነኛው ፈረንሳዊ ኬሚስት የላቯዚዬ ተማሪ ፎስፈረስን ከፖታሽ ውሃ ጋር አሙቆ ነው መጀመሪያ ያገኘው።

ሁለተኛው ፎስፊን ስያሜ ነው፤ የአንድ ወገን ሁሉ መጠሪያ። ነገሩ የተበላሸው እዚህ ላይ ይመስለኛል። ናይትሮጅንን ተመልከቱ፦ ሦስት ሃይድሮጅን ሲይዝ አሞኒያ ይባላል፤ ሃይድሮጅኖቹ ወጥተው በካርቦን ሲተኩ ልጆቹ አሚን ይባላሉ። ወላጅና ልጅ የየራሳቸው ስም አላቸው። ፎስፈረስ ላይ ሲደርስ ግን ኬሚስቱ ወላጁንም ልጆቹንም ፎስፊን አላቸው። እኔ በጠርሙስ የያዝኩት ትራይፌኒልፎስፊን ነው፤ ሦስቱም ሃይድሮጅን ወጥተው በቦታቸው ሦስት የቤንዚን ቀለበቶች (የመኪናው ነዳጅ አይደለም፤ ስድስት ካርቦን ክብ ሠርተው የተያያዙበት ነው) ገብተዋል። ለተማሪዎቼ እንዲህ አልኳቸው፦ እኛ አገር የልጁ ስም ይቀድማል፣ የአባቱ ይከተላል። ትራይፌኒል የራሱ ስም ነው፣ ፎስፊን የአባቱ። አንተ ጠርሙሱ ላይ ያነበብከው የአባቱን ስም ብቻ ነው።

ልጁ ደግሞ አባቱን አይመስልም። አባቱ ከዜሮ በታች 88 ዲግሪ ገደማ ላይ የሚፈላ ጋዝ ነው፤ ልጁ 80 ዲግሪ ላይ የሚቀልጥ ነጭ ክሪስታል። በተራ አየር ውስጥ ዝም ብሎ ይቀመጣል፤ ሚዛን ላይ እንደ ደቃቅ ጨው ይንሸራተታል። ይህ ማለት አይጎዳም ማለት አይደለም፤ ሲዋጥ ይጎዳል፣ ቆዳም ሊያስቆጣ ይችላል፤ ጓንቱን ያጠለቅኩት ለዚሁ ነው። የዚያው ቤተሰብ ሌላ ልጅ፣ ትራይሜቲልፎስፊን፣ አየር ሲነካው በራሱ የሚቀጣጠል ፈሳሽ ነው። ስለዚህ ከአንዱ ወንድም ጠባይ ተነሥቶ ሌላውን መገመትም አይቻልም።

ሁሉንም የሚያገናኛቸው ፎስፈረሱ ላይ ያለው፣ ከሌላ አቶም ጋር ያልተጋራ የኤሌክትሮን ጥንድ ነው። ሥራቸው ሁሉ ከዚያ ይነሣል። የጀርመኑ ኬሚስት ጌዮርግ ዊቲግ በ1950ዎቹ መጀመሪያ ትራይፌኒልፎስፊንን ይዞ ሁለት ካርቦኖችን በድርብ ትስስር የሚያገናኝበትን መንገድ አገኘ፤ በ1979 የኖቤል ሽልማት የተካፈለው በዚሁ ነው። ባስፍ የተባለው የጀርመን ኩባንያ ቫይታሚን ኤ የሚያመርተው በዚህ አጸግብሮት ነው። አጸግብሮቱን የሚገፋው የፎስፈረስ የኦክስጅን ፍቅር ነው፦ ፎስፈረሱ አብሮት ከሚገባው፣ አልዲሃይድ ከሚባለው ውሁድ ኦክስጅኑን ነጥቆ ይይዛል፣ ከያዘም አይለቅም። የሚቀረው ትራይፌኒልፎስፊን ኦክሳይድ ደግሞ ኦርጋኒክ ኬሚስትሪ የሠራ ሁሉ ያውቀዋል። ማስተርሴን ስሠራ አራት ኪሎ ሦስተኛ ፎቅ ላይ፣ ውሁዶች በነጥብ በነጥብ የሚለዩበትን ሳህን አልትራቫዮሌት መብራት ሥር ሳይ፣ የምፈልገው ምርት ነጥብ ጎን ሁልጊዜ የእሱ ነጥብ ይጠብቀኝ ነበር። አንድ ሙሉ ሳምንት እሱን ከምርቴ ለመለየት ኮለም (ውሁዶች የሚነጠሉበት በዱቄት የተሞላ የመስታወት ቱቦ) ሳወርድ ከርሜያለሁ።

ሌላው ሥራቸው ብረትን መያዝ ነው። ሞንሳንቶ በተባለው የአሜሪካ ኩባንያ ውስጥ ይሠራ የነበረው ዊሊያም ኖልስ እንደ እጆቻችን ቀኝና ግራ ያለው ልዩ ፎስፊን ሠርቶ ከሮዲየም ጋር አጣመረ። በዚያም የፓርኪንሰን ሕመምተኞች የሚወስዱትን ኤል-ዶፓን፣ መድኃኒት የሚሆነውን አንዱን እጅ ብቻ መርጦ ማምረት ተቻለ። በ2001 ኖቤሉን ከተካፈሉት ሦስት ሰዎች አንዱ ሆነ። ያን ሌሊት ቤታችን ከገባው ጋዝ ጋር በአንድ ስም የሚጠራ ነገር ለሰው እጅ ዕረፍት የሚሰጥ መድኃኒት ሲያስገኝ ማየት እስከ ዛሬ ይደንቀኛል።

ከሁሉ የሚያስጨንቀኝ ግን የቃሉ ጅራት ነው። ፎስፊን፣ ፎስፋይድ፣ ፎስፋይት፣ ፎስፌት። በፊደላችን ፎስፋይድና ፎስፋይት የሚለያዩት በመጨረሻዋ ፊደል ብቻ ነው። የአጎቴ ልጅ ነርስ ናት። አንድ ቀን ስልክ ላይ እንዲህ አለችኝ፦ «ሰው ታሞ ሲመጣ ቤተሰብ የሚነግረን ‹የነቀዝ መድኃኒት ነው› ብቻ ነው። የቱ? ብንል የሚያውቅ የለም።» እውነቷን ነው። በአማርኛችን የነቀዝ መድኃኒት ማለት ክኒኑም ነው፣ እህል ላይ የሚነሰነሰው የማላታይን ዱቄትም ነው። ማላታይን ኦርጋኖፎስፌት ነው፤ የነርቭን መልእክት የሚያጠፋውን ኢንዛይም ያስራል፣ ምራቅና ላብ ያዥጎደጉዳል፣ የዓይን ብሌን ያጠባል፤ ለእሱ አትሮፒን አለ። ፎስፋይዱ በሌላ መንገድ ነው የሚሄደው፤ ሴሉ ኦክስጅን እንዳይጠቀም ያደርጋል፣ ልብን ያደክማል፤ ማርከሻ የለውም፣ ሐኪሞች የሚችሉት ደጋፊ ሕክምና መስጠት ነው። ስለዚህ ማንም ሰው ቢመረዝ ወዲያውኑ ወደ ሕክምና ውሰዱት፤ ቆርቆሮውን ወይም ፓኬቱን ደግሞ ሳትጥሉ አብራችሁ ይዛችሁ ሂዱ። በደብተር ወረቀት ተጠቅልሎ የሚሸጥ ክኒን ይሄን ዕድል ነው ከቤተሰቡ የሚነጥቀው። እባካችሁ እንዲህ አትግዙ፤ የምትሸጡም አትሽጡ።

የኬሚስቶች ዓለም አቀፍ ማኅበር የስያሜውን ችግር ያውቀዋል፤ በ2013 ባወጣው መመሪያ ፎስፋን የሚለውን ስም አስቀድሞታል። ጠርሙሶቹና መጻሕፍቱ ላይ ግን ፎስፊን እንደተጻፈ አለ። እናቴ አሁን በቆሎዋን አየር በማያስገባው ባለ ሦስት ሽፋን ከረጢት ነው የምታስቀምጠው፤ ነቀዙ ኦክስጅን አጥቶ ይሞታል፣ ክኒን አያስፈልግም።

ማክሰኞ ወደ ሚዛኑ ስንመለስ ልጁ «እኔ ልመዝነው» አለኝ። ጓንት ሰጠሁት። 2.6 ግራም መዝኖ ፍላስኩ ውስጥ ጨመረ፣ ክዳኑን አጥብቆ ዘጋ። በማግስቱ የላቦራቶሪ ደብተሮቹን ሳርም የእሱን ገለጥኩ። የኬሚካሎቹ ዝርዝር ላይ በንጹሕ እጅ ጽሑፍ እንዲህ ይላል፦ «ትራይፌኒልፎስፊን (ልጁ)»።